302 ቀን እና 7 ደቂቃ

ነገሩ የሆነው በ1958 ዓ.ም. ነው። ወሎ ውስጥ፣ ወረኢሉ ላይ ሕዝቡ በረሃብ መጠቃቱን የአካባቢው ፖሊስ ጽፎ ለበላይ አካል አሳወቀ። ወረቀቱ ጉዞ ጀመረ። ከጽሕፈት ቤት ጽሕፈት ቤት፣ ከፊርማ ፊርማ፣ ከመዝገብ መዝገብ ሲንከባለል ቆይቶ ጃንሆይ ዘንድ ሲደርስ 302 ቀን ሆኖት ነበር። ይህን ቁጥር ያገኘሁት ከፕሮፌሰር መስፍን ወልደ ማርያም የረሃብ ጥናት ነው። ከላይ የመጣው ምላሽ ደግሞ ከቁጥሩ ይብሳል፦ የሞቱት ሰዎች ስም ዝርዝር ይቅረብ!

302 ቀን። ከወረኢሉ ተነስቶ በእግሩ አዲስ አበባ የሚገባ ሰው እንኳ የዚህን ሩብ አይቆይም። ያኔ ስልክ ነበር፣ ሬዲዮ ነበር፣ ቴሌግራምም ነበር (የድሮውን ማለቴ ነው፣ አሁን ይህን የምታነቡበትን አይደለም)። አየር መንገዳችን ጄት ገዝቶ አውሮፓ መመላለስ ከጀመረ ዓመታት አልፈውታል። የጎደለው መሣሪያ አልነበረም።

ይህን የማነሳው ሰሞኑን በየሻይ ቤቱ የምሰማውን ክርክር ለመቀላቀል ነው። አንዱ “ስልክ የሰውን ልብ አደነደነው፣ ድሮ እንተዛዘን ነበር፣ ዛሬ ሬሳ እያየን እንጀራ እንቆርሳለን” ይላል። ሌላው “የለም፣ ዓለም መንደር ሆነች፣ ድሮ ማን ስለ ማን ይሰማ ነበር?” ይላል። እኔ ሁለቱም ከታሪካችን ግማሹን ብቻ ያዩ ይመስለኛል። ካሜራ ለሰው ልብ ምን እንደሚያደርግና ምን እንደማያደርግ በራሱ ሥጋ የቀመሰ አገር ፈልጉ ብባል፣ ከእኛ አልፌ ሩቅ አልሄድም። ትንሽ ይረዝማል፣ ታገሱኝ።

ከወረኢሉው ወረቀት ጥቂት ዓመታት በኋላ ዝናብ ወሎን እንደገና ራቀው። በ1965 ዓ.ም. ረሃቡ ጠናና ገበሬው ቀዬውን ትቶ በአውራ ጎዳናው ዳር ፈሰሰ። ወደ አዲስ አበባ ያመሩትን ፖሊስ መለሳቸው። ስንት ሰው እንደሞተ እስከ ዛሬ ስምምነት የለም። ዝቅተኛው ግምት 40 ሺህ፣ ከፍተኛው 200 ሺህ ነው። በመካከል ያለው 160 ሺህ ሰው ተቆጥሮ የማያውቅ ሰው ነው፤ ይኖር ይሁን አይኑር እንኳ አናውቅም። መንግሥት “መጠነኛ የሰብል ችግር” በሚሉ ቃላት ነገሩን ሸፈነው። የውጭ መንግሥታትና የተባበሩት መንግሥታት ሰዎችም እያወቁ፣ ጃንሆይን ላለማስቀየም ዝም አሉ። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ግን ወሎ ድረስ ሄደው ፎቶግራፍ ይዘው ተመለሱ፤ ፎቶው በግቢው ለእይታ ቀረበ፣ ተማሪው አይቶ ተቆጣ። የእነዚያን መምህራንና ተማሪዎች ውለታ መርሳት ነውር ነው። ፎቶግራፉ ግን ከዩኒቨርሲቲው አጥር ብዙ ርቆ መሄድ አልተፈቀደለትም።

ከዚያ አንድ እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ መጣ፤ ጆናታን ዲምብልቢ ይባላል። ካሜራውን ይዞ ወሎ ገባ፣ ያየውን ቀረጸ፣ ተመለሰ። ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ፊልሙ በእንግሊዝ አይቲቪ ላይ ታየ። ርዕሱ በአማርኛ ሲመለስ “ያልታወቀው ረሃብ” ማለት ነው። ለማን ነው ያልታወቀው ብሎ የሚጠይቅ ሊኖር ይችላል። ለተራበው ታውቆታል፣ ለወረኢሉ ፖሊስ ታውቆታል፣ ለሚኒስትሩም ታውቆታል። ይሁንና በለንደንና በማንቸስተር ሳሎን ውስጥ እራቱን በልቶ ሶፋ ላይ የተቀመጠው ሰው ደነገጠ፣ አለቀሰ፣ ኪሱን ከፈተ። በጥቂት ጊዜ ውስጥ ከአንድ ሚሊዮን ፓውንድ በላይ ተዋጣ።

ያው ፊልም ለእኛ ሕዝብ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የታየው መቼ ነው? መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ። ቆጥሬዋለሁ፤ ከጥቅምት 8 እስከዚያ ምሽት 328 ቀን ነው። ልብ በሉ፣ የፖሊሱ ወረቀት ከወረኢሉ አዲስ አበባ 302 ቀን ፈጀ። የወሎ ረሃብተኛ ፊት ደግሞ በለንደን በኩል ዞሮ አዲስ አበባ ለመድረስ 328 ቀን ፈጀበት። በበቅሎ ዘመን እንበለው ወይስ በጄት ዘመን?

የዘገየበት ምክንያት ግልጽ ነው። በንጉሡ ጊዜ ማሳየት አይቻልም ነበር። ደርግ ከሰኔ 1966 ጀምሮ ሥልጣኑን ቀስ በቀስ ሲሰበስብ ከርሞ፣ ፊልሙን ያወጣው የሚፈልገው ሌሊት ላይ ነው። እንደ ነበረም አላሳየውም። የተራቡት ሕፃናት ሲታዩ ቆይተው የቤተ መንግሥት ግብዣ ይገባል። አጥንታቸው የወጣ እናቶች ታይተው ሳያበቁ የመሳፍንቱ የሠርግ ኬክ ይመጣል። ቀጥሎ ጃንሆይ ውሾቻቸውን ሥጋ ሲያጎርሱ። በማግስቱ መስከረም 2 ጠዋት መኮንኖች መጥተው የመውረጃቸውን ደብዳቤ አነበቡላቸውና በቮልስዋገን ወሰዷቸው።

አባቴ ያን ፊልም ያየው ሰፈራችን ባለ አንድ ቡና ቤት ነው። ቴሌቪዥን በየቤቱ አልነበረምና ሰው በር ላይ፣ መስኮት ላይ ተደራርቦ ያይ ነበር። የእንቁጣጣሽ ማታ ነው፤ ጠላው ተጠምቋል፣ ዶሮው ተሠርቷል፣ ልጆች አበባዮሽ ሲሉ ውለዋል። ብዙ ጊዜ ስጠይቀው የሚነግረኝ ስለ ዝምታው ነው። “ብርጭቆ የሚያነሳ ሰው አልነበረም” ይለኛል። አንዲት ሴትዮ ብቻ፣ የቡና ቤቱ ባለቤት መሰለችኝ፣ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ “እነዚህ የእኛ ሰዎች ናቸው?” እያለች ትጠይቅ ነበር አለኝ። ደሴ ከአዲስ አበባ 400 ኪሎ ሜትር ነው።

“ከዚያስ ምን አደረጋችሁ?” አልኩት አንድ ቀን።

“በማግስቱ ጃንሆይን ሲወስዷቸው ወጥተን ‘ሌባ! ሌባ!’ አልን።”

“ለወሎ ሰውስ?”

ዝም ብሎ አየኝ። መልሱን አልፈልግም ነበር፣ እሱም አልመለሰም።

እኔ አባቴንም ሆነ ያን ሌሊት ያለቀሱትን አልከስም። እንባቸው የእውነት ነበር። የተጠራበት ሰዓት ግን የእነሱ አልነበረም። በለንደን ያ ፊልም ሰውን ገንዘብ አስወጣ፣ በአዲስ አበባ ደግሞ ሰውን መንገድ ላይ አስወጣ። አንድ ፊልም ነው፣ አንድ ፊት ነው። ዓይን ያየውን ልብ እንዲፈርድ ያደረገው ከፊቱ አጠገብ የተቀመጠው ነገር ነው፤ እዚያ የባንክ ሒሳብ ቁጥር፣ እዚህ የሠርግ ኬክ። ያቺ ፊልም ውስጥ ያለች እናት የምትፈልገው እህል ነበር። እሷን ግን ማንም አልጠየቃትም። ስሟንም አልጠየቃትም።

ቆይ፣ እዚህ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። የጃንሆይን “የስም ዝርዝር ይቅረብ” ስናነብ እንዘገንናለን፣ እኔም ዘግንኖኛል። ነገር ግን በዚህ ሁሉ ታሪክ ውስጥ የሟቾቹን ስም የጠየቀ አካል ያ ትእዛዝ ብቻ መሆኑ ይገርመኛል። የጠየቀው ላለማመን ነው፣ ጊዜ ለመግዛት ነው። ያመኑትና ያለቀሱት ደግሞ ስም አልጠየቁም። ከዚያ ወዲህ ያለው ነገር ሁሉ በእነዚህ በሁለቱ መካከል የሚዋልል ይመስለኛል።

ደርግ ያን ፊልም ያሳየው ረሃብን የሚደብቅ መንግሥት መውደቅ አለበት ብሎ ነው። እሱ ራሱ ከአሥር ዓመት በኋላ ምን አደረገ?

መጋቢት 1976 ላይ የእርዳታ ማስተባበሪያ ኮሚሽን የለጋሽ አገሮችን ተወካዮች ሰብስቦ፣ 5 ሚሊዮን የሚሆን ሕዝብ አደጋ ላይ እንደሆነና 450 ሺህ ቶን እህል እንደሚያስፈልግ አስታወቀ። ወረቀቱ በቁጥር የተሞላ፣ በሚገባ የተዘጋጀ ወረቀት ነበር። ለጋሾቹ ተጠራጠሩ፤ “ኮሙኒስት መንግሥት ነው፣ ቁጥር ያጋንናል” አሉ። የሰጡት ከተጠየቀው እጅግ ያነሰ ነበር። መንግሥትም ራሱ ሌላ ጉዳይ ይዞት ነበር። መስከረም 2 ቀን 1977 ዓ.ም. የአብዮቱ 10ኛ ዓመት ነው፣ ኢሠፓም በዚያው ሰሞን ይመሠረታል። አዲስ አበባ በቀይ ጨርቅ ተሸፈነች፣ ቅስት ተተከለ፣ አጥር ተቀባ። የኮሚሽኑ ኃላፊ የነበሩት ዳዊት ወልደ ጊዮርጊስ አገር ጥለው ከወጡ በኋላ በጻፉት መጽሐፍ፣ የረሃቡ ወሬ በዓሉን እንዳያደበዝዝ ከላይ ምን ያህል ጫና እንደነበረ ተርከዋል።

እኔ ያኔ ልጅ ነበርኩ። ቴሌቪዥናችን ከጥቁርና ነጭ ወደ ባለ ቀለም የተሸጋገረው ከኢሠፓ ምሥረታ ጋር ተያይዞ ነው፤ ሰፈር ውስጥ ባለ ቀለም ያለው ሰው ቤት ተሰብስበን ሰልፉን ስናይ ትዝ ይለኛል። ቀዩ እንዴት ያምር ነበር! ያን ሰሞን ኮረም ላይ በአንድ ሜዳ በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሰው እህል ይመጣል ብሎ ብርድ ላይ ተኝቶ ነበር። ቀለም የመጣው እኛ ሰልፍ እንድናይበት ነው። የኮረምን ቀለም ያዩት ሌሎች ናቸው።

ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. የቢቢሲው ማይክል በርክና ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ ሞሐመድ አሚን ከኮረምና ከመቀሌ ያመጡት ዘገባ ለንደን ላይ ታየ። ርዝመቱ 7 ደቂቃ ገደማ ነው። በርክ የንጋቱን ብርድና ጭሱን ከመጽሐፍ ቅዱስ ዘመን ጋር እያነጻጸረ በዝግታ ይናገራል፤ አሚን ደግሞ ካሜራውን አንድ ፊት ላይ አሳርፎ ቶሎ አያነሳም። በዚያው ቀን አሜሪካ በኤንቢሲ አየችው። በዓለም ዙሪያ 425 ጣቢያዎች እንዳሳዩትና 470 ሚሊዮን ሰው እንዳየው ይገመታል። የኮሚሽኑ ወረቀት ለሰባት ወር ያላንቀሳቀሰውን፣ ፊልሙ በሰባት ደቂቃ አንቀሳቀሰው።

ከዚያ በኋላ ያለውን ታውቁታላችሁ። ቦብ ጌልዶፍ ዘገባውን ሳሎኑ ተቀምጦ አየ፤ ዘፋኞችን ሰበሰበ፤ ለፈረንጆቹ ገና የደረሰ ዘፈን ወጣ። ሐምሌ 6 ቀን 1977 ዓ.ም. ላይቭ ኤይድ በለንደንና በፊላደልፊያ ስታዲየሞች በአንድ ቀን ተካሄደ፤ በሳተላይት ያየው ሰው ከአንድ ቢሊዮን እንደሚበልጥ ተገመተ፤ ከ100 ሚሊዮን ዶላር በላይ ተሰበሰበ። ያን የሚያህል ሕዝብ በአንድ ሰዓት፣ ለማያውቀው ሰው አዝኖ አያውቅም።

እዚህ ላይ ልጠንቀቅ። የፈረንጅን እርዳታ ማጣጣል ዛሬ ፋሽን ነው፣ እኔ ግን አልቀላቀልም። ያ ፊልም ነፍስ አድኗል። ከዚያ በፊት በመቀሌ የቀይ መስቀል ነርስ የነበረችው ክሌር በርሺንገር፣ ከሺህ በላይ ከሚሆኑ ሕፃናት መካከል 60 ወይም 70 ብቻ እየመረጠች ወደ ምግብ ጣቢያው ታስገባ ነበር፤ ለቀሩት ቦታም እህልም የለም። ፊልሙ ከታየ በኋላ አውሮፕላን እህል ጭኖ መጣ። በዚያ እህል ያደጉ ሰዎች ዛሬ ልጅ አሳድገው ድረዋል። ይህን የሚያህል ነገር ለማቃለል አፌ አይታዘዝልኝም።

ግን ሐዘኑ የተሰጠው ለማን ነው? የዚያ የገና ዘፈን ርዕስ “ገና መሆኑን ያውቁ ይሆን?” የሚል ጥያቄ ነው። ኮረም ሜዳ ላይ ከተኙት መካከል የላስታ ሰው ነበር። ላሊበላ የት እንዳለ ታውቃላችሁ። ገናን ከእንግሊዝ ዘፋኞች አያት ቅድመ አያት በፊት በሌሊት ማኅሌት ሲያከብር የኖረ ሕዝብ ነው። ዘፋኞቹ ክፉ ሰዎች ስለሆኑ አይደለም የተሳሳቱት። ያዩት ፊት ስም የለውም፣ አገር የለውም፣ የሚያከብረው በዓል የለውም፤ ረሃብ ብቻ ነው ያለው። ከዚያ ፊት ጋር የሚያገናኛቸው አዘኔታ ብቻ ነው፤ የሚያዝኑለት ሰው ደግሞ ለእነሱ የሚያዝንላቸው አይመስላቸውም። ያኔ አሜሪካ የገቡ ዘመዶቼ ልጆች ትምህርት ቤት ውስጥ የገጠማቸውን ሲያወሩ ሰምቻለሁ፤ ላይቭ ኤይድን ያዩት እነዚያው ልጆች ናቸው በዕረፍት ሰዓት የኢትዮጵያ ቀልድ የሚቀልዱባቸው። እንባና ፌዝ ከአንድ ፊልም ወጡ።

ካሜራው ያላሳየውም ነበር። ረሃቡን የከፋ ያደረገው ጦርነት እንደሆነ፣ መንግሥት ሽምቅ ተዋጊዎች በያዙት የትግራይና የኤርትራ ቦታ እርዳታ እንዳይገባ እንደሚያደርግ፣ በ7 ደቂቃ ውስጥ ብዙ ቦታ አላገኘም። ዝናብ ጠፋ፣ ሰው ተራበ፤ ታሪኩ ይኸው ነው። ለማልቀስ የሚመቸው እንዲህ ያለ ታሪክ ነው፤ ጥፋተኛ የለውማ። ቀጥሎ ሠፈራ መጣ። 600 ሺህ ገደማ ሕዝብ ከሰሜን ወደ ደቡብ ምዕራብ ተጓጓዘ፤ ብዙው በፈቃዱ አልነበረም፤ በመንገድና በሠፈራው ቦታ ብዙ ሺዎች አለቁ። የፈረንሳዩ ድንበር የለሽ ሐኪሞች ድርጅት ይህን ተቃውሞ ሲናገር በ1978 ዓ.ም. ከአገር ተባረረ። ስታዲየም ሞልቶ ያለቀሰው ዓለም ግን ያን ጊዜ ቴሌቪዥኑን ወደ ሌላ ነገር አዙሮ ነበር።

ከዚያ ሁሉ ፊት ስም ያገኘ አንድ አለ። የካናዳ ጋዜጠኞች የቀረጿት፣ ትሞታለች የተባለች የትግራይ ሕፃን ነበረች። ምስሏ በላይቭ ኤይድ ስክሪን ላይ ታየ። አልሞተችም። ብርሃን ወልዱ ትባላለች፤ አድጋ ግብርና ተማረች፤ በ1997 ዓ.ም. በለንደኑ ላይቭ ኤይት መድረክ ላይ ቆማ ያ የልጅነት ፊቷ ከኋላዋ በትልቁ ታየ። ስሟን ለመስማት ዓለም ሃያ ዓመት ቆየ።

(ሞሐመድ አሚንንም ሳላነሳው አላልፍም። ዕጣው ከእኛ አገር ጋር የተጣበቀ ሰው ነበር። በ1983 ዓ.ም. አዲስ አበባ የጥይት ግምጃ ቤት ሲፈነዳ ሲቀርጽ አንድ እጁን አጣ፤ በሰው ሠራሽ እጅ ካሜራ ይዞ ቀጠለ። ኅዳር 1989 ዓ.ም. ደግሞ ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ላይ በወደቀው፣ በተጠለፈው የአየር መንገዳችን አውሮፕላን ውስጥ ነበር። ነፍሱን ይማር።)

እንግዲህ ወደ እኛ ልምጣ። የጃንሆይ ዘመን አልፏል፣ የደርግም አልፏል፣ ጆናታን ዲምብልቢንም ሆነ ማይክል በርክን የሚጠብቅ የለም። ካሜራው በየኪሳችን ነው። 302 ቀን ወደ 302 ሴኮንድ ወርዷል። ክርክሩ እውነት ቢሆን፣ ማለትም እርስ በርስ ያልተዛዘንነው ስላልተያየን ብቻ ቢሆን፣ ያለፉት ዓመታት የኢትዮጵያ ታሪክ ሌላ በሆነ ነበር።

ጥቅምት 25 ቀን 2013 ዓ.ም. ጦርነቱ ሲጀመር የትግራይ ስልክና ኢንተርኔት ተቋረጠ። አንዳንድ ቦታ ተከፍቶ እንደገና ተዘጋ፤ በጠቅላላው ሁለት ዓመት ገደማ ሕዝብ ከሕዝብ ተቆረጠ። ጦርነቱ ወደ አማራና አፋር ሲዘልቅ በወሎ በኩል ያሉ ከተሞችም በተራቸው ጨለሙ፤ ከሐምሌ 2015 መጨረሻ ጀምሮ ደግሞ የአማራ ክልል ኢንተርኔት ተዘጋ። መዝጋት የድሮው ዘዴ ነው፣ ብዙም አያስገርመኝም። ይበልጥ የሚያስፈራኝ ያልተዘጋው ነው። ማይካድራ፣ አክሱም፣ መተከል፣ ጋሊኮማ፣ ወለጋ፤ ከየቦታው ምስል መጣ። አንዳንዱን የቀረጹት ገዳዮቹ ራሳቸው ናቸው። ሁላችንም አየን። ማየት አልጎደለንም።

ያየነውን ምን አደረግነው? የራሳችን ሰው ሲሆን ገጻችንን አጠቆርን፣ ሻማ ለጠፍን፣ ስም ጠራን። የሌላው ሲሆን ጥያቄ ጀመርን። የት ነው? መቼ ነው? ቋንቋቸው የማን ነው? ይህ ቪዲዮ የሶሪያ አይደለም? ስንት ናቸው? ማስረጃው የታለ? አንዳንዱ ጥያቄ ተገቢ ነበር፤ የሐሰት ምስል ሞልቶ ነበርና። እኔም ጠይቄያለሁ። ነገር ግን ያን ጊዜ የጻፍኳቸውን አስተያየቶች ከጊዜ በኋላ መለስ ብዬ ሳነብ አንድ ድምፅ ጆሮዬ ላይ አቃጨለ። “የሞቱት ሰዎች ስም ዝርዝር ይቅረብ።” የጃንሆይ ድምፅ ነው፤ አሁን ግን ቤተ መንግሥት ውስጥ ሳይሆን በእያንዳንዳችን ስልክ ላይ ነው ያለው። እና 302 ቀን አይፈጅበትም። ምስሉ በተለጠፈ በአንድ ደቂቃ ውስጥ ይደርሳል።

አንድ ነገር ነግሬያችሁ ላብቃ።

መርዶ በእኛ ባህል እንዴት እንደሚነገር ታውቃላችሁ። በስልክ አይነገርም፣ በደብዳቤም አይነገርም ነበር። ዘመድ ወዳጅ ይጠራራል፣ ንጋት ላይ ይሰበሰባል፣ ባለ መርዶው ሰዎቹን በር ላይ ሲያይ ያኔ ይገባዋል። ሲወድቅ የሚይዘው ሰው አጠገቡ ቆሟል። ቀስ በቀስ ስልክ ሲመጣም ባህሉ አልጠፋም፤ ውጭ አገር ያለ ሰው መርዶ ካለበት ለእሱ አይደወልም፣ እዚያ ላለ ጓደኛው ተደውሎ “ሰብሰብ ብላችሁ ንገሩት” ይባላል። ዋሽንግተንም ሪያድም ያላችሁ ይህን ታውቁታላችሁ። ከስልክ ጋር ካገባናቸው ነገሮች ሁሉ ይህን የሚያህል ሰብአዊ ነገር አላየሁም።

መሥሪያ ቤታችን ውስጥ አብራኝ የምትሠራ የትግራይ ልጅ አለች። ጠረጴዛችን ፊት ለፊት ነው። በዚያ ሁለት ዓመት ውስጥ አንድም ቀን “ቤተሰብሽ እንዴት ነው?” ብዬ አልጠየቅኳትም። ክፋት አልነበረም፣ ቢያንስ ለራሴ እንደዚያ ነው የምለው። ምን እንደምላት አላውቅም ነበር። የመሥሪያ ቤቱ ቴሌግራም ግሩፕ ላይ በዓል በመጣ ቁጥር የአበባ ስቲከር እንላላካለን። እሷም ትልካለች።

ፕሪቶሪያ ላይ ስምምነቱ ከተፈረመ ከሁለት ወር ገደማ በኋላ፣ አንድ ቀን ከሰዓት ስልኳ ጠራ። ቁጥሩን አይታ ቆመች። መስመሩ ተከፍቶ ወንድሟ ነበር። በመጀመሪያ ጮኸች፣ ሳቀች፣ በትግርኛ ተንጫጫች፤ እኛም ሥራችንን ትተን ፈገግ አልን። ከዚያ ከጠረጴዛዋ መሳቢያ አንድ ወረቀት አወጣች። በሁለቱ ዓመት ውስጥ ጽፋ ያስቀመጠችው ነው፤ ስሞች ናቸው፣ አንዱ ከሌላው በታች። እየጠራች ትጠይቀዋለች። የአክስቷን ስም ትጠራለች፣ ትሰማለች፣ ምልክት ታደርጋለች። የጎረቤቷን ትጠራለች። የአስተማሪዋን። ቋንቋውን አልሰማም፣ ስም ግን በየትኛውም ቋንቋ ስም ነው። አንዳንዱ ላይ “ተመስገን” እንዳለች ከፊቷ አውቃለሁ። አንዳንዱ ላይ ብዕሩ ቆም ይልና ያልፋል።

አንድ ስም ላይ ወንድሟ ዝም አለ። ዝምታው እኛ ድረስ ተሰማ። ቆይቶ የሆነ ነገር ጠየቃት፤ ምን እንደሆነ በኋላ ነው የነገረችን። “አጠገብሽ ሰው አለ?” ነው ያላት።

ቀና ብላ አየችን። ሦስት ነበርን። ከወንበሬ ተነስቼ ወደ እሷ ስሄድ እግሬ ከባድ ነበር።

“አለ” አለችው።